የድሮ የአክሽን ፊልሞች ምስል ከቪዲዮ ቤት እስከ ፋይል፦ ከቆቦና ከራያ ቆላ ሲታይ



ቆቦ ከአዲስ አበባ በደሴና በወልድያ አድርጎ ወደ መቀሌ በሚያልፈው አውራ ጎዳና ላይ የምትገኝ ከተማ በመሆኗ ፊልም የደረሳት እንደ ማንኛውም ሸቀጥ በመኪና ተጭኖ ነው። የራያ ቆላ ወጣት «ኮማንዶ»ን (እ.ኤ.አ. 1985) ወይም «ፕሬዳተር»ን (1987) ያየው በቪዲዮ ቤት አግዳሚ ላይ ተቀምጦ እንጂ በሲኒማ አዳራሽ አልነበረም። እንግዲህ «የድሮው ፊልም ጥራት ተጠበቀ» ሲባል የቱ ጥራት ማለት ነው?

ፊልሞቹ የተቀረጹት በ35 ሚሊ ሜትር ፊልም ነበር፤ እኛ ዘንድ የደረሰው ግን የቅጂ ቅጂ ነው። የቪኤችኤስ ካሴት በተገለበጠ ቁጥር ቀለሙ ይፈዛል፤ የቆላው አቧራ በማጫወቻው ላይ የሚሠራውንም የሚያውቅ ያውቀዋል። በ1993 የወጣው ቪሲዲ ደግሞ ምስሉን በ352 በ288 ነጥቦች ወስኖ በሰከንድ 1.15 ሜጋቢት ብቻ መደበለት። ይህ የመጨመቂያ ዘዴ የሚቆጥበው ካለፈው ምስል ያልተለወጠውን ባለመድገም ነው። ሰዎች ተቀምጠው ሲነጋገሩ ይሳካል። ፍንዳታ፣ ጭስና የሚበር ፍርስራሽ ሲመጣ ግን የማይለወጥ ነገር ስለሚጠፋ ቢቱ አይበቃም፤ ምስሉ በአራት ማዕዘን ቁርጥራጮች ይሞላል። ቪሲዲው የሚከሽፈው ተመልካቹ ገንዘብ የከፈለበት ትዕይንት ላይ ነበር።

ኤች.264 (2003)፣ ኤችኢቪሲ (2013) እና ኤቪ1 (2018) እንቅስቃሴን በተሻለ ይተነብያሉ፤ የቁርጥራጮቹንም ጠርዝ ያለሰልሳሉ። ኤቪ1 ከዚህም አልፎ የፊልሙን ቅንጣት ከምስሉ ለይቶ፣ ባሕርይውን ብቻ መዝግቦ፣ በማጫወቻው ላይ መልሶ ሊፈጥረው ይችላል። የምናየው ቅንጣት አምሳያ ነው ማለት ነው። እኔ እቀበለዋለሁ፤ ቅንጣቱን ጠርጎ ከመጣል ይሻላልና። «ፕሬዳተር» በ2010 በብሉሬይ ዳግም ሲወጣ የተዋናዮቹ ፊት ሰም መስሎ ብርቱ ነቀፋ ገጥሞታል።

የሆሊውድ ፊልም ግን ኔጋቲቭ አለው፤ እንደገና ስካን ይደረጋል። በእኛ አቆጣጠር ከ1990ዎቹ ጀምሮ የተስፋፋው የአማርኛ ፊልም በአመዛኙ በቪዲዮ ካሜራ የተቀረጸ በመሆኑ ከካሴቱ በስተጀርባ ሌላ ምንጭ የለውም። የሰርግና የበዓል ካሴቶቻችንም እንዲሁ ናቸው። ባለሱቁ ወዲያው በትንሽ ቢት ጨምቆ ሚሞሪ ካርድ ላይ ሲጭናቸው የቪሲዲውን ጉዳት ይደግማል፤ አሁን ግን ተመልሰን የምናነሳው ዋና ቅጂ አይኖርም። ካሴቱ አስቀድሞ ምንም በማይጥል መጨመቂያ፣ ለምሳሌ በኤፍኤፍቪ1፣ ሊገለበጥ ይገባል፤ ለስልክ የሚሆነው ትንሹ ቅጂ ከዚያ ይወጣል። የቪኤችኤስ ማጫወቻ ማምረት በ2016 ስላቆመ፣ ለመመረቂያ ጽሑፉ ይህን ርእስ የሚመርጥ ተማሪ ሥራውን ከቆቦና ከአላማጣ ቪዲዮ ቤቶች አሮጌ ማጫወቻዎችን በማሰባሰብ ቢጀምር እመክራለሁ።