ድምፁ አለ፣ ምስሉ የለም

ጥር 23 እንጅባራ ላይ በፈረሰኞቹ በዓል የተቀረጸ ቪዲዮ ነው። አንድ የቀድሞ ተማሪዬ በፍላሽ ይዞልኝ መጣ። ከጋላቢዎቹ መሃል አያቱ አሉበት። ሽማግሌው ከበዓሉ በኋላ ብዙም ሳይቆዩ አረፉ፤ ልጁ በአርባቸው ዕለት ዘመድ እንዲያየው ፈልጓል።

ላፕቶፔ ላይ ከፈትነው። የፈረስ ኮቴ ይሰማል፣ እልልታው ይሰማል፣ ምስሉ ግን ጥቁር ነው። ኮምፒውተሩ «ኮዴክ የለኝም፣ ግዛልኝ» አለ፤ ዋጋው 99 የአሜሪካ ሳንቲም። «ቲቸር፣ እኔ እከፍላለሁ» አለ ልጁ። በምን ካርድ?

እኔ አይሲቲ ነው የማስተምረው፤ ይሄ ነገር ግን ታሪክ ስላለው ላጫውታችሁ። 1920 በ1080 የሆነ ቪዲዮ፣ በሰከንድ 25 ምስል ሆኖ፣ ሳይጨመቅ ቢቀመጥ አንዷ ደቂቃ ብቻ ከ9 ጊጋ ባይት በላይ ትወስዳለች። 8 ጊጋ ፍላሽ አይችላትም። ስለዚህ ይጨመቃል። የሚጨምቀውና መልሶ የሚፈታው ነው ኮዴክ የሚባለው። በ1997 ዓ.ም. አካባቢ የመጣብን ፕላዝማም ተጨምቆ ከሳተላይት የሚወርድ ትምህርት ነበር። («ጥያቄውን ሥሩ» ብሎ እስክሪብቶ ሳናነሳ መልሱን የሚነግረን፣ እኩዮቼ ትዝ አላችሁ?)

የመፍታቱን ሥራ እያንዳንዱ ፕሮግራም እንደ አዲስ አይጽፈውም። ብዙዎቹ የሚዋሱት የጋራ ፋይል አለ፤ ዊንዶውስ ላይ ስሙ በዲኤልኤል ያልቃል። ስታፍ ውስጥ እንደተሰቀለች አንድ የዓለም ካርታ አስቡት፤ የጠፋች ቀን ጂኦግራፊውም ታሪኩም ባዶ እጁን ይገባል። እኔ ዳንግላ እያለሁ አንዴ የጠፋ ዲኤልኤል ከማላውቀው ድረ ገጽ አውርጄ ከነቫይረሱ አስገባሁና የሴሚስተር ማርክ አጠፋሁ። ያን ዓመት ፈተና ወረቀታችሁን መልሱ ያልኳችሁ ለዚህ ነበር፣ ይቅርታ።

እ.ኤ.አ. በ2000 ፋብሪስ ቤላርድ የተባለ ፈረንሳዊ፣ ጄራርድ ላንቶ በሚል የብዕር ስም፣ ኤፍኤፍኤምፔግን ጀመረ። ልቡ ሊብአቪኮዴክ የሚባል የጋራ ፋይል ነው፤ ማንም በነፃ ይጠቀምበታል። ቀጥሎ ማይክል ኒደርማየር ከ10 ዓመት በላይ መራው። በ2011 ገንቢዎቹ ተጣልተው ለሁለት ተከፈሉ (ጭቅጭቅ የሌለበት ማኅበር የት አለ!)፤ ሥራው ግን አልቆመም። ዛሬ ክሮም ብሮውዘር ውስጥ ሳይቀር አለ።

ብርቱካናማ የመንገድ ምልክት ያለው ቪኤልሲም ከፓሪስ ተማሪዎች ነው የመጣው። በ1996 የኤኮል ሳንትራል ልጆች የዶርማቸው ኔትወርክ ቢንቀራፈፍባቸው፣ ፈጣን መስመር ለማግኘት ሲሉ የሳተላይት ቲቪ በኔትወርክ የሚያሰራጭ ፕሮጀክት ነደፉ። በ2001 ኮዱ ለሁሉም ተለቀቀ። ብዙውን ቪዲዮ የሚፈታው በሊብአቪኮዴክ ነው፤ ፋይሉንም ራሱ ይዞት ይመጣል፣ ኮምፒውተሩን አይለምንም።

የልጁ ስልክ የቀረጸው በ2013 በወጣው ኤች 265 ነበር። የፓተንት ክፍያ አለበት፤ 99 ሳንቲሙም የመጣው ከዚያ ነው። ገንዘቡ ኢምንት ነው፣ እኛ ግን መክፈያው የለንም።

ቪኤልሲን ከባልደረባዬ ፍላሽ ጫንኩት። ጥቁሩ ገለል አለ፤ አቧራው ታየ፣ ከአቧራው ውስጥ ቀይ ፈረስ፣ ጎፈሩ በሐር ያጌጠ፣ ላዩ ላይ ነጭ የለበሱ ሽማግሌ።

ልጁ ብዙ ዝም አለ። ቆይቶ «ቲቸር፣ እስኪ ከመጀመሪያው ይድገሙልኝ» አለኝ።