ደረሰኝ፣ ይርጋ፣ ይግባኝ፦ ሦስት የመሬት ክርክር ቃላት በአራዳ

የአማርኛ የሙግት ቃላት አብዛኛዎቹ በብዕር ከመጻፋቸው በፊት በአደባባይ የተጮኹ ናቸው። ባላጋራዎች በቃል ይሟገቱ በነበረበት ዘመን ሥርዐቱ «በላ ልበልሃ»፣ የጥያቄው መክፈቻ «ተጠየቅ» ይባል ነበር። ሁለቱም የትእዛዝ አንቀጽ ቃላት ናቸው፤ በልማድ ግን እንደ ስም አገልግለዋል። በመሬት ክርክር ዘወትር የሚነሡት «ደረሰኝ»፣ «ይርጋ» እና «ይግባኝ» እንደዚሁ ከንግግር የተገኙ ስለ ሆኑ፣ ታሪካቸውን በአራዳ መሬት ላይ እንከተላለን።

አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. ስትቆረቆር መሬቱ ለመኳንንቱና ለሠራዊቱ በሰፈር በሰፈር ተሰጠ፤ የራስ መኮንንና የደጃች ውቤ ሰፈሮች ስም የዚያ ድልድል ቅርስ ነው። በ1907 እ.ኤ.አ. ዐፄ ምኒልክ ስለ ከተማይቱ መሬት ባወጡት ደንብ የግል ባለመሬትነት በሕግ ታወቀ። በቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን አጠገብ ገበያ የነበረው አራዳም ዋጋው ከፍ ያለ ቦታ ሆነ። በጠላት ወረራ ዘመን ገበያው ወደ መርካቶ ተዛወረ፤ ለአራዳም «ፒያሳ» የሚለው የጣሊያን ቃል ተረፈው። በስደት ወይም በአርበኝነት ርቆ የቆየ ሰው ሲመለስ በቦታው ላይ ሌላ ሰው ቤት ሠርቶ ቢያገኝ፣ የሚረታው ማን ነው? ቀድሞ የያዘው ወይስ ዛሬ በእጁ ያደረገው?

ከመስከረም 1 ቀን 1953 ዓ.ም. ጀምሮ የጸናው የፍትሐ ብሔር ሕግ ለዚህ ዐይነቱ ጥያቄ በአንቀጽ 1168 መልስ ሰጠ። የማይንቀሳቀስ ሀብት በእጁ አድርጎ፣ ለባለሀብትነቱ የሚከፈለውን ግብር ለ15 ዓመት ሳያቋርጥ የከፈለ ሰው ባለሀብት ይሆናል። ልብ ማለት የሚገባው፣ ሕጉ መቀመጥን ብቻ፣ ወይም አጥር ማጠርንና ቤት መሥራትን በቂ አለማድረጉ ነው፤ የጠየቀው ግብር ነው። ስለዚህ የክርክሩ ቁልፍ በሣጥን ውስጥ ታጥፎ የሚቀመጠው ደረሰኝ ሆነ። ቃሉን ብንፈታው «ወደ እኔ ደረሰ» የሚል ሙሉ ዐረፍተ ነገር ነው፤ ተናጋሪው ግን ወረቀቱን የያዘው ሰው አይደለም፣ ገንዘቡን የተቀበለው ግምጃ ቤት ነው። ባለይዞታው የሚከራከረው በሌላ ሰው አንደበት ነው ማለት ነው።

እዚህ ላይ የዘመኑ ስሌት አስደናቂ ነገር ያሳያል። ሕጉ በጸናበት ዕለት ግብር መክፈል የጀመረ ሰው 15 ዓመቱን የሚሞላው መስከረም 1 ቀን 1968 ዓ.ም. ነበር። ነገር ግን ሐምሌ 19 ቀን 1967 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታ ሁሉ የመንግሥት ሆነ። ሰውየው ሁለት ወር ባልሞላ ጊዜ ተቀደመ። ከሕጉ በፊት ያለፈው ዘመን እንዴት ይቆጠራል የሚለው ራሱን የቻለ ክርክር ነው፤ ከሕጉ ወዲህ ብቻ የቆጠረ ሰው ግን በአራዳም ሆነ በሌላው ሰፈር የመሬት ባለቤትነትን በዚህ መንገድ ሊያገኝ አልቻለም። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥትም መሬትን የመንግሥትና የሕዝብ አድርጎ ስላጸናው በሩ እንደ ተዘጋ ነው። በኋላ ዘመን በከተማ አስተዳደር የተለመደው «ሰነድ አልባ ይዞታ» የሚለው ስያሜ የሚናገረው ስለ መያዝ መብት እንጂ ስለ መሬት ባለቤትነት አይደለም።

«ይርጋ» ከ«ረጋ» የወጣ ነው፤ «እርጎ»ም የዚሁ ሥር ዘር ነው። የተናወጠው ነገር ይርጋ፣ ከእንግዲህ አይነካ ማለት ነው። በቃሉ ውስጥ ተናጋሪም ተጠቃሚም አይታይም። በተለምዶ ሰው «በይርጋ አገኘሁት» ሲል ይሰማል፤ በእኛ አስተያየት ይህ አነጋገር ሁለት ነገር ያደባልቃል። ይርጋ ጥያቄን ያግዳል፤ ባለሀብት የሚያደርገው ግን ግብር የተከፈለበት ይዞታ ነው። ስለዚህ መዝገበ ቃላት ሁለቱን በየፊናቸው ቢፈታቸው ይመረጣል።

«ይግባኝ» በአንጻሩ ባለቤት አለው፤ የአንደኛ መደብ ተሳቢ የሆነው «-ኝ» የተረታው ሰው ራሱ ነው። ከ«ይገባኛል» ጋር አንድ ሥር ስላለው፣ ነገሩ ወደ በላይ ዳኛ ይግባልኝ የሚለውንና መብቴ ነው የሚለውን በአንድ ትንፋሽ ይይዛል። የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ለዚህ ጩኸት ከፍርዱ ቀን ጀምሮ 60 ቀን ወሰነለት። የዘገየ ሰው በቂ ምክንያት ካስረዳ ሊፈቀድለት ይችላል፤ የጠበቃው ወይም የነገረ ፈጁ ቸልተኝነት ግን በቂ ምክንያት አይሆንም። የመሬት ባለጉዳይ በአብዛኛው ጽሑፍ የማያውቅ፣ ነገሩን ለነገረ ፈጅ የተወ በነበረበት አገር ይህ ድንጋጌ ከባድ እንደ ነበር መገመት አያዳግትም። መደበኛው ይግባኝ ሲያበቃ ደግሞ ወደ ዙፋን ችሎት አቤት ማለት ይቻል ነበር፤ ንጉሠ ነገሥቱ መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ከዙፋን ሲወርዱ ይህም መንገድ ቀረ። የአራዳ ባለይዞታ በአንድ ዓመት ውስጥ፣ በመስከረም የመጨረሻውን ሰሚ፣ በሐምሌ ደግሞ የሚከራከርበትን መሬት ዐጣ።

ጊዜው ያለፈበት ይግባኝ «በይርጋ ቀረ» መባሉም ትክክለኛ አይመስለንም። ይርጋ የክስን መብት ያቋርጣል፤ የይግባኝ ቀን ግን በቂ ምክንያት ከተገኘ በዳኛ ፈቃድ ሊታለፍ የሚችል የሥነ ሥርዓት ገደብ ነው። ለዚህ «ጊዜው ያለፈበት ይግባኝ» የሚለው ግልጽ አነጋገር ይበቃል።