የሚዳሰስ የእግረኛ መንገድ ንጣፍ

ማየት የተሳናቸው እግረኞች በእግራቸውና በነጭ በትራቸው እየዳሰሱ እንዲጓዙበት፣ ገጹ ጎርበጥ ብሎ የሚሠራ የመንገድ ንጣፍ ነው። የፈለሰፈው ጃፓናዊው ሴይቺ ሚያኬ ነው፤ ዓመቱም 1965 እ.ኤ.አ. ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ ኦካያማ ከተማ ውስጥ፣ በዓይነ ስውራን ትምህርት ቤት አቅራቢያ ባለ መንገድ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ተነጠፈ።

በዋናነት ሁለት ዓይነት ነው። ረዣዥም ትይዩ መስመሮች ያሉት የመሄጃውን አቅጣጫ ይመራል። ክብ ጉብታዎች ያሉት ደግሞ ያስጠነቅቃል፤ ደረጃ፣ የመኪና መንገድ ወይም የባቡር መሳፈሪያ ጠርዝ ላይ መደረሱን ይናገራል። የጉብታው ከፍታ ብዙውን ጊዜ 5 ሚሊ ሜትር ያህል ነው፤ በጣም ካነሰ በጫማ ሶል አይታወቅም፣ ከበዛ ያደናቅፋል።

ብዙ ቦታ ቢጫ የሚደረገው ዓይነ ስውር ከሚባሉት ብዙዎቹ ጥቂት የማየት አቅም ስላላቸው ነው። ዋናው ግን ከዙሪያው ጎልቶ መታየቱ እንጂ ቢጫነቱ አይደለም። ለውበት ተብሎ በግራጫ መንገድ ላይ ግራጫውን መትከል እነዚህን ሰዎች መርሳት ነው።

ከንጣፉ ይልቅ የሚከብደው አተካከሉ ነው። ወደ መብራት ምሰሶ የሚመራ፣ ለቧንቧ ተቆፍሮ ያልተመለሰ፣ ሸቀጥ የተዘረጋበት መስመር ከነጭራሹ ካለመኖሩ ይብሳል፤ ያመነውን ሰው ለአደጋ ያጋልጣልና። ጉብታው ተሽከርካሪ ወንበርንም ያንገጫግጫል። ስለዚህ ከጎኑ ለስላሳ መተላለፊያ ይተዋል፤ ስፋቱና ቦታውም ከመነጠፉ በፊት ከሁለቱም ተጠቃሚዎች ጋር ተመክሮበት ሊወሰን ይገባል።