ከሹዐይባ እስከ ዳህላክ፦ የሒጅራው ባሕርና ጠባቡ ሰርጥ



ስለ መጀመሪያው የሐበሻ ሒጅራ ሲወሳ ሶሐቦች በባበል መንደብ ተሻገሩ ሲባል ብዙ ጊዜ እንሰማለን። ካርታ ላየ ሰው እንዲያ ማሰቡ አይገርምም፤ ዐረቢያና አፍሪካ እጅግ የሚቀራረቡት እዚያ ነውና። ሰርጡ 30 ኪሎ ሜትር ያህል ስፋት አለው። በውስጡ ያለችውን የመዩን ደሴትማ ከየመን ዳርቻ የሚለያት ውሃ 3 ኪሎ ሜትር ገደማ ብቻ ነው።

ጠበሪን የመሰሉ የታሪክ ሊቃውንት የጻፉት ግን ሌላ ነው። በነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ተልዕኮ 5ኛ ዓመት፣ እ.ኤ.አ. በ615 ገደማ፣ 11 ወንዶችና 4 ሴቶች ከመካ በስውር ወጡ። ዑስማን ኢብን ዐፋንና ባለቤታቸው ሩቅያ (ረ.ዐ) ከነርሱ መካከል ነበሩ። የወረዱት ወደ ሹዐይባ ወደብ ነው። አላህ አግርቶላቸው ሁለት የነጋዴ መርከቦች ደርሰው በግማሽ ዲናር አሳፈሯቸው። ቁረይሾች ተከታትለው ባሕሩ ዳር ሲደርሱ አንድም ሰው አላገኙም።

ሹዐይባ ከጂዳ በስተደቡብ ነው። ከዚያ ባበል መንደብ 1000 ኪሎ ሜትር ያህል ይርቃል፤ ምጽዋ ግን በቀጥታ ወደ ደቡብ 550 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። አሳዳጅ ከኋላው ያለበት ሰው ጠባብ ውሃ ፍለጋ ያን ሁሉ መንገድ በዐረቢያ ዳርቻ የሚጓዝበት ምክንያት አይታየኝም። በምጽዋ ራስ ምድር የሚገኘው የሶሐቦች መስጂድ የሚያስታውሰውም ይህንኑ የአካባቢውን ትውፊት ነው።

ወደ ምጽዋ የሚቀርብ መርከብ ከመቶ በላይ ደሴቶች ባሉት በዳህላክና በየብሱ መካከል ባለው ሰርጥ ያልፋል። ውሃው ከሥሩ የኮራል ድንጋይ የበዛበት ስለሆነ ቦታውን የሚያውቅ መርከበኛ ይፈልጋል። በእኛ ክረምት ወራት ነፋሱ ከሰሜን ስለሚነፍስ ከሒጃዝ ለሚመጣ ሸራ ይመቻል።

ይኸው ውሃ ኋላ እስረኛን መጠበቂያ ሆነ። በ83 ዓመተ ሒጅራ (እ.ኤ.አ. 702) ከሐበሻ በኩል የመጡ መርከበኞች ጂዳን ከወረሩ በኋላ ኡመያዎች ዳህላክን ያዙና የግዞት ስፍራ አደረጉት። የመዲናው ገጣሚ አል-አሕወስ ወደዚያ ተግዟል፤ ፍትሐዊው ኸሊፋ ዑመር ኢብን ዐብዱልዐዚዝ እንኳ አልፈቱትም። ከሺህ ዓመት በላይ ቆይቶ ጣሊያንም በዚያው በናኩራ ደሴት ወህኒ ቤት ሠርቶ የሀገራችንን ሰዎች በሙቀትና በውሃ ጥም አሠቃየ።

ነገር ግን ዳህላክ እስር ቤት ብቻ አልነበረም። በትልቁ ደሴት፣ በዳህላክ ከቢር፣ የዝናብ ውሃ ማጠራቀሚያ ጉድጓዶች ከኮራል ድንጋይ ተፈልፍለዋል። ከ200 በላይ የመቃብር ድንጋዮችም ተገኝተዋል። በኩፊ ጽሕፈት የቁርኣን አንቀጾች፣ የሟቹ ስም፣ የሞተበት ቀን ተቀርጾባቸዋል፤ የወንድም የሴትም ስም አለ። አብዛኞቹ ከ10ኛው እስከ 12ኛው ክፍለ ዘመን የተቀረጹ ናቸው። ከድንጋዮቹ ብዙዎቹ ግን ዛሬ ደሴቱ ላይ የሉም፤ ያሉት በካይሮ፣ በአስመራና በጣሊያን ሙዚየሞች ውስጥ ነው።