የግዙፉ ሊሊ ወግ

እስቲ ጠጋ በሉና ስለ አንድ አበባ ላውጋችሁ። አገሩ ሂማላያ ነው። ከሰሜን ሕንድ ተነሥቶ በኔፓልና በቡታን አድርጎ እስከ ምያንማርና ቻይና ድረስ፣ ርጥበት በማይለየው የተራራ ደን ውስጥ ይበቅላል። ግዙፉ የሂማላያ ሊሊ ይሉታል።

ከዘር ሲነሣ ግን ግዙፍ ይሆናል ብሎ የሚጠረጥረው የለም። በመጀመሪያው ዓመት ብቅ የሚለው አንዲት ቅጠል ብቻ ናት። ብርዱ ሲገባ እሷም ትደርቃለች፤ ሥሩ ከብስባሹ በታች ተደብቆ ይከርማል። በዓመቱ ትንሽ ሰፋ ብሎ ይመለሳል። እንዲህ እያለ፣ የልብ ቅርጽ ባላቸው አንጸባራቂ ቅጠሎቹ ያገኘውን ሁሉ የሽንኩርት ራስ በመሰለው ሥሩ ያጠራቅማል። አንድም አበባ ሳያሳይ ስድስት ሰባት ዓመት ያልፋል!

ታዲያ ቀኑ ሲደርስ ያን ሁሉ ስንቅ ባንዴ ያወጣዋል። ከመሀሉ ወፍራም አገዳ ይመዝና የሰው ቁመት አልፎ ሦስት ሜትር ይደርሳል። በዚያም አገር ዝናቡ በሚበረታበት በሰኔና በሐምሌ፣ ረጃጅም ነጫጭ አበቦች ጫፉ ላይ አዘንብለው ይከፈታሉ። አንዱን ቀና አድርጎ ውስጡን ላየ፣ ከጉሮሮው የሚነሡ ወይን ጠጅ መስመሮች አሉ። መዓዛውማ፣ በተለይ ሲመሽ፣ አበባው ሳይታይ ገና ከሩቅ ይቀበላል።

በካልካታ የዕፅዋት ማዕከል ኃላፊ የነበረው የዴንማርክ ተወላጅ ሐኪም ናትናኤል ዋሊክ፣ በ1824 እ.ኤ.አ. ከኔፓል ያገኘውን ይህን ተክል ለሳይንስ አስተዋወቀ። በ1852 ደግሞ ከአገሩ ርቆ በስኮትላንድ፣ ኤድንብራ ከተማ አበበ።

ወደ ጫካው እንመለስ። አበባው ሲረግፍ አዘንብሎ የነበረው ሁሉ ይቃናል፤ የዘር ከረጢቶቹ ሽቅብ ይቆሙና ሲደርቁ ተሰንጥቀው እንደ ወረቀት የሳሱ ዘሮቻቸውን ለነፋስ ይሰጣሉ። ውስጡ ባዶ የሆነውን አገዳ ዋሽንት የሚሠሩበትም አሉ። እናት ሥሩ ግን በዚያው ይሞታል። ዳግመኛ አያብብም። በዙሪያው የሚቀሩት ትንንሽ ልጆቹ ናቸው፤ እነሱም ተራቸው እስኪደርስ ጥቂት ዓመታት ይጠብቃሉ።

ስለዚህ ይህን ሊሊ በግቢያችሁ መትከል የምትሹ፣ በየዓመቱ እንዲያብብላችሁ ዕድሜያቸው የተለያየ ሥሮችን አንድ ላይ ትከሉ። በጫካ ያገኛችሁት ደግሞ፣ እባካችሁ ዘሩን ሳይበትን አገዳውን አትቁረጡት።