የተሰሎንቄ ታናሽ ጭፍራ ዜና

ይህ ዜና የተጻፈው በሽቫንሃይም ነው። ሽቫንሃይም ከማይን ወንዝ በስተደቡብ፣ በፍራንክፈርት ምዕራባዊ ጫፍ ያለች፣ እስከ 1928 ድረስ ራሷን የቻለች መንደር የነበረች፣ ዛሬ 12 ቁጥር ትራም ደርሶ የሚመለስባት ሰፈር ናት። በሰሜኗ ወንዙ፣ በደቡቧ ጫካው ያዋስናታል፤ ጫካውን ይዞ ወደ ምሥራቅ የሄደ ሰው የፍራንክፈርት ስታዲየም ካለበት ይደርሳል። ዘመኑን በፈረንጅ አቆጣጠር እቆጥራለሁ፤ የምጽፍላቸው ልጆች ዘመናቸውን በዚያ ይቆጥራሉና። የታላላቅ ቡድኖችን ገድል የሚጽፍ ሞልቷል። እኔ የምጽፈው የፓኦክን ሁለተኛ ቡድን ነገር ነው፤ ዘውድ እንዳይጭን አስቀድሞ ተደንግጎበት ወደ ሜዳ የወጣውን የታናሹን ጭፍራ ነገር።

በመጀመሪያ ስለ ቤቱ። ተሰሎንቄ ሐዋርያው ጳውሎስ ሁለት መልእክት የጻፈላት ከተማ ናት። በ1922 የግሪክ ሠራዊት በታናሽ እስያ ድል ተነሥቶ በተመለሰ ጊዜ፣ በዓመቱም በሎዛን የሕዝብ ልውውጥ ውል በተፈረመ ጊዜ፣ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ግሪኮች ቤታቸውንና የአባቶቻቸውን መቃብር ትተው ባሕር ተሻገሩ። ከቁስጥንጥንያም ብዙ ሰው ወጣ። ከእነዚህ ስደተኞች በተሰሎንቄ የሰፈሩት በ1926 አንድ ክለብ አቆሙ፤ ስሙንም የመላው ተሰሎንቄ የቁስጥንጥንያውያን የአትሌቲክስ ክለብ አሉት። በግሪክኛው የቃላቱ መነሻ ፊደላት ሲገጣጠሙ ፓኦክ ይሆናል። ልብሱን ጥቁርና ነጭ አደረጉት፤ ጥቁሩ ለኀዘን፣ ነጩ ለተስፋ። ዓርማውም ባለ ሁለት ራሱ የቢዛንታይን ንስር ሆነ። ነገር ግን ይህ ንስር ክንፉን አልዘረጋም፤ አጥፎ ቆሟል። ስለ ጠፋችው ከተማ እያዘነ ነው ይላሉ። አገሩን ትቶ የወጣ ሰው ይህን ንስር ባየ ጊዜ አስተርጓሚ አይሻም። እኔም ፓኦክን የወደድሁት በዋንጫው ሳይሆን በዚያ በታጠፈ ክንፍ ነው።

ዋንጫውማ ብዙ አልነበረም። በ1959 የቱምባን ስታዲየም ሠሩ፤ በ1976 እና በ1985 የአገሩ ሻምፒዮን ሆኑ፤ ከዚያ በኋላ 34 ዓመት ጠበቁ። በ2019 ራዝቫን ሉቼስኩ በሚባል ሮማንያዊ አሠልጣኝ እየተመሩ፣ በሊጉ አንድ ጨዋታ እንኳ ሳይሸነፉ ሻምፒዮን ሆኑ፤ የጥሎ ማለፉንም ዋንጫ ደረቡበት።

በስደት የቆመ የግሪክ ቡድን ለእኛ ለኢትዮጵያውያን እንግዳ አይደለም። በ1944 በአዲስ አበባ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ሻምፒዮና በተደረገ ጊዜ የተሰለፉት አምስት ቡድኖች ነበሩ፤ የኢትዮጵያውያኑ ቅዱስ ጊዮርጊስ፣ የጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶ፣ የአርመኖቹ አራራት፣ የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮን ቡድን፣ የግሪኮቹም ኦሎምፒያኮስ። ዋንጫውን እንግሊዞቹ ወሰዱት። የአዲስ አበባው ኦሎምፒያኮስ ዛሬ በሊጋችን ውስጥ የለም፤ ስሙ ግን በእግር ኳሳችን መዝገብ የመጀመሪያ ገጽ ላይ ከቅዱስ ጊዮርጊስ ጋር ተጽፎ ይኖራል። ይህን ያነሣሁት የግሪክን ኳስ ነገር በሰው ቤት ገብቼ እንደማላወራ አንባቢዬ እንዲያውቅልኝ ነው።

አሁን ወደ ታናሹ ጭፍራ እመለሳለሁ።

ኳስ ተጫዋች በሚያሳድግ ቤት ውስጥ አንድ ገደል አለ። ልጁ እስከ 19 ዓመቱ ከእኩዮቹ ጋር ይጫወታል፤ እግሩ ፈጣን ነው፣ ይመሰገናል፣ ስሙም ይጠራል። ከዚያ በኋላ ግን ከአዋቂዎች ጋር መሰለፍ አለበት። አዋቂው ደግሞ ትከሻው የጠነከረ፣ ሜዳ ላይ ብልሃት የተማረ፣ በጨዋታው ደመወዝ ልጆቹን የሚያበላ ሰው ነው። ገደሉን በአንድ ዝላይ የሚሻገር አለ። ክሪስቶስ ጾሊስ እንዲያ ነበር፤ በ2020 ገና በ18 ዓመቱ ከፓኦክ ዋናው ቡድን ተሰለፈ፣ በ2021 ክረምትም ኖርዊች የሚባለው የእንግሊዝ ክለብ ገዝቶት ሄደ። እንደ እርሱ መዝለል ያልቻለው ግን ብዙ ነው። ወንበር ላይ ተቀምጦ የታላላቆቹን ጨዋታ እያየ፣ ቅዳሜና እሑድ ላብ ሳያወጣ አንድ ዓመት፣ ሁለት ዓመት ያልፈዋል። የእግር ኳስ ጉልበት ደግሞ እንደ ጎተራ እህል ተቀምጦ አይቆይም።

በ2021 ለዚህ ገደል ድልድይ ተሠራለት። የግሪክ ሁለተኛ እርከን የሆነው ሱፐር ሊግ 2 ሰሜንና ደቡብ ተብሎ ለሁለት ተከፈለ፤ የአራቱ ታላላቅ ክለቦች ሁለተኛ ቡድኖችም እንዲገቡበት ተፈቀደ። ኦሎምፒያኮስ፣ ፓናቲናይኮስና አኤክ በደቡቡ ምድብ ሆኑ፤ ፓኦክ ብቻውን በሰሜኑ ተሰለፈ። ከፈቃዱም ጋር ሁለት ድንጋጌ ወጣ። ሁለተኛው ቡድን ምድቡን አንደኛ ሆኖ ቢጨርስ እንኳ ወደ ላይኛው ሊግ አይወጣም። በጥሎ ማለፉም ዋንጫ አይሰለፍም። መውረድ ግን ይወርዳል። በሌላው ቡድን ላይ ያለው ፍርሃት ሁሉ በእርሱም ላይ አለ፤ ሌላው ቡድን ያለው ተስፋ ግን የለውም።

ይህን ድንጋጌ ባነበብሁ ጊዜ ትዝ ያለኝ አምባ ግሸን ነው፤ ከእርሱም በኋላ የጎንደር ነገሥታት ወህኒ አምባ። ነገሥታቱ ወንድሞቻቸውንና ልጆቻቸውን ከተራራ ላይ ያኖሯቸው ነበር፤ ዙፋኑ ባዶ በሆነ ጊዜ መኳንንቱ ወጥተው አንዱን ያወርዱታል። ዘርዐ ያዕቆብ ከግሸን ወርዶ ነገሠ፤ በካፋም ወህኒን ያየ ንጉሥ ነበር። ሁለተኛው ቡድንም የወራሾች አምባ ነው። በአምባው ላይ ሆኖ ማንም አይነግሥም፤ የሚነግሥ ግን ከአምባው ይወርዳል። ልዩነቱን ደግሞ አልሰውርም። የግሸን ልጆች ጦርነት ሳያዩ፣ ሰው ሳይዳኙ አርጅተው ይሞቱ ነበር፤ ዕድል ደርሷቸው የወረዱትም ብዙዎቹ አገሩን አያውቁትም። የፓኦክ ልጆች ግን በየሳምንቱ ይዋጋሉ። በእኔ ሚዛን የዚህ ቡድን ዋናው ቁም ነገር ይህ ነው፤ ወራሹን ከጦርነት አልሸሸጉትም፣ ጦርነቱን አስተማሩት እንጂ።

ዘመቻውም እንዲህ ነበር። በመጀመሪያው ዓመት በሰሜኑ ምድብ ከነበሩት መካከል ቤርያ አለች፤ የሐዋርያት ሥራ እንደሚነግረን ወንድሞች ጳውሎስን በሌሊት ከተሰሎንቄ የሰደዱት ወደዚህች ከተማ ነው። ላሪሳ ነበረች፤ የሴሬስ ከተማው ፓንሴራይኮስ፣ የቮሎስ ከተማዋ ኒኪም ነበሩ። በዚያው በተሰሎንቄ ደግሞ አሮጌው ኢራክሊስ ነበረ። እነዚህ የተናቁ አልነበሩም፤ ላሪሳ በ1988 የግሪክ ሻምፒዮን ሆና የነበረች ናት። ደጋፊዎቻቸው ወደ ሜዳ የሚመጡት የታላቅ ክለብ ልጅ ሲያድግ ለማየት አይደለም፤ ቡድናቸው ከዚህ እርከን እንዲወጣላቸው ነው። እንግዲህ የ18 ዓመት ልጅ በጭቃ ሜዳ፣ የ33 ዓመት ተከላካይ ክርኑን በጎኑ እየሰካበት፣ በማያውቀው ከተማ እየተሰደበ ኳስ ይገፋል። ለታናሽ ከተማ ክለብ የሚቆረቆር ሰው ይህን ሥርዓት ቢነቅፍ አልፈርድበትም። ሦስት ነጥብ ለማግኘት፣ ላለመውረድም የሚታገል ቡድን፣ ወደ ላይ ከማይሄድ ቡድን ጋር ነጥብ መካፈሉ ከባድ ነው። ሆኖም ለልጆቹ ከዚህ የተሻለ ትምህርት ቤት አላየሁም።

ከዚህ ጭፍራ የወጡትን ልጥራ።

ያኒስ ኮንስታንቴሊያስ፣ በ2003 የተወለደ፣ የቮሎስ ልጅ። አማካይ ነው፤ ኳስ ከእግሩ አትርቅም፣ ሁለት ሰው መካከል ገብቶ ሦስተኛውን ያያል። በታናሹ ቡድን ተፈተነ፤ በ2022 ጀርመንኛ ተናጋሪ ለሆነችው የቤልጅግ ከተማ ለኦይፐን ቡድን በውሰት ተሰጠ፤ ተመልሶም የፓኦክ ዋና ሰው ሆነ።

ኮንስታንቲኖስ ኩሊየራኪስ፣ እርሱም በ2003 የተወለደ፣ የቀርጤስ ደሴት ከተማ ከሆነችው ከሐንያ የመጣ ባለ ግራ እግር ተከላካይ። ቁመቱ ረጅም ነው፤ ኳስ ሲይዝ አይደነግጥም። ለደጀን የሚሆን ወጣት ማግኘት ከአጥቂ ይልቅ ይከብዳል፤ የአጥቂ ስሕተት ይረሳል፣ የተከላካይ ስሕተት ግን ግብ ሆኖ ይቆጠራል። ስለዚህ አሠልጣኞች ልጅ ተከላካይ ማሰለፍ ይፈራሉ። ይህ ልጅ በታናሹ ጭፍራ የሚሳሳተውን ተሳስቶ ወደ ታላቁ ተሻገረ።

ስቴፋኖስ ጺማስ፣ በ2006 የተወለደ አጥቂ። ገና ልጅ ሳለ ከአዋቂዎች ጋር በሁለተኛው እርከን ተጋፋ።

በ2023 መጸው ፓኦክና የእኛው ከተማ አይንትራኽት ፍራንክፈርት በአውሮፓ ኮንፈረንስ ሊግ በአንድ ምድብ ተገናኙ። በተሰሎንቄ ፓኦክ 2 ለ 1 አሸነፈ። በኅዳር መጨረሻ እዚህ በጫካው ስታዲየም በተደረገውም ፓኦክ 2 ለ 1 አሸነፈ። ፍራንክፈርት በ2022 የአውሮፓ ሊግን ዋንጫ በሴቪያ ያነሣ ታላቅ ቡድን ነው፤ የተሸነፈው ግን ከአምባው የወረዱ ልጆች በነበሩበት ቡድን ነው። በ2024 ግንቦት ደግሞ ፓኦክ በመጨረሻው ቀን በተሰሎንቄ ባላንጣው በአሪስ ሜዳ 2 ለ 1 አሸንፎ ለአራተኛ ጊዜ የግሪክ ሻምፒዮን ሆነ። ሉቼስኩ ዳግመኛ አሠልጣኙ ነበር።

እዚህ ላይ ስለ ፍራንክፈርት ራሱ አንድ ነገር ሳልናገር አላልፍም። በጀርመን ታላላቅ ክለቦች ሁለተኛ ቡድን እንዲኖራቸው ግዴታ ነበር። በ2014 ግዴታው ሲነሣ አይንትራኽት ሁለተኛ ቡድኑን ዘጋ፤ ሌቨርኩዘንም እንዲሁ አደረገ። ወጪው ብዙ፣ ፍሬው ጥቂት ነው አሉ። ስምንት ዓመት አለፈ። በ2022 አይንትራኽት የዘጋውን ቡድን እንደገና አቆመ፤ በሄሰን ሊግ፣ በአምስተኛው እርከን ጀምሮ በ2023 ወደ አራተኛው ወጣ። ቤቱን ያፈረሰ ሰው ድንጋዩን መልሶ ሲለቅም ማየት ያሳዝናል፤ መልሶ መልቀሙ ግን ያስደስታል። በእነዚያ ስምንት ዓመታት 19 ዓመት ሞልቷቸው የሚሻገሩበት ድልድይ ያጡ የዚህ ከተማ ልጆች ነበሩ። ከእነርሱ መካከል የስደተኛ ልጆች እንዳሉበት ሽቫንሃይም ውስጥ ማንኛውንም የሰፈር ሜዳ ያየ ሰው ያውቃል።

ደቡቦቹንም በአጭሩ ላንሣ። የኦሎምፒያኮስ ወጣቶች በ2024 ሚያዝያ የአውሮፓን የወጣቶች ሊግ ዋንጫ ሚላንን 3 ለ 0 ረትተው ወሰዱ፤ ክሪስቶስ ሙዛኪቲስ የሚባለው አማካይም ከዚያ ወጣ። በወሩ ታላቁ ቡድናቸው የኮንፈረንስ ሊግን ዋንጫ አነሣ። ይህ የእነርሱ ዜና ነው፤ ጸሐፊም አያጣም።

ወደ ተሰሎንቄ ልጆች ልመለስ። በ2024 ክረምት ኩሊየራኪስ ቮልፍስቡርግ ወደሚባለው የጀርመን ክለብ መጣ። ጺማስም በዚያው ክረምት በውሰት ወደ ኑርንበርግ መጣ፤ በሁለተኛው ቡንደስሊጋ 12 ግብ አገባ፣ የእንግሊዙ ብራይተንም የውድድር ዓመቱ ሳያልቅ ገዛው። ቀድሞ በአንድ ዝላይ የተሻገረው ጾሊስ በኖርዊች አልቀናውም ነበር፤ እርሱም ወደ ጀርመን መጥቶ በዱሰልዶርፍ ነው ግብ ያገባው፣ የተነሣው። በ2025 መጋቢት የግሪክ ብሔራዊ ቡድን በግላስጎው ስኮትላንድን 3 ለ 0 አሸነፈ፤ ከሦስቱ ግቦች አንዱን ኮንስታንቴሊያስ፣ አንዱን ጾሊስ አስቆጠሩ። በድልድይ የተሻገረውና በዝላይ የተሻገረው በአንድ ሌሊት፣ በአንድ ሜዳ ተገናኙ።

ቮልፍስቡርግ ወደ ጫካችን ስታዲየም የሚመጣበት ቀን አለ። ከሽቫንሃይም ለሚነሣ ሰው መንገዱ በዛፎቹ መካከል ነው፤ የእግር መንገድ ነው፣ ቀኑ ብሩህ ከሆነም ደስ ይላል። እኔ ከግቡ ኋላ እቆማለሁ፤ ኳሷ የትም ብትሆን በግራ በኩል ያለውን ረጅሙን ተከላካይ እያየሁ።