የአባይ ሙላትና የሩቁ ውቅያኖስ ሙቀት

ከአሶሳ እስከ ጉባ የተዘረጋው የቤኒሻንጉል ቆላ ባሕር የማያዋስነው ምድር ነው። ይሁን እንጂ አባይ በዚያ አልፎ ከአገር የሚያወጣው የክረምት ውሃ በሰላማዊ ውቅያኖስ የሙቀት ለውጥ እንደሚበዛና እንደሚያንስ በልኬት ተረጋግጧል። የውቅያኖሱ ምሥራቃዊና መካከለኛ ክፍል በምድር ወገብ ላይ ከወትሮው ይበልጥ ሲሞቅ፣ ማለትም ኤል ኒኞ ሲከሠት፣ ለኢትዮጵያ የክረምት ዝናብ የሚያመጣው የነፋሳት ሥርዓት ይዳከማል።

የዚህ ዝምድና ጥንታዊ መዝገብ የሚገኘው በካይሮ ነው። በሮዳ ደሴት እ.ኤ.አ. በ861 የታነጸው የወንዝ መለኪያ ዓምድ ለግብር አወሳሰን ሲባል የዓመቱን ሙላት ያሳይ ነበር፤ የሙላቱም ምንጭ በአመዛኙ የኢትዮጵያ ደጋ ዝናብ ነው። እ.ኤ.አ. ከ1904 እስከ 1924 የሕንድን የአየር ምልከታ ጣቢያዎች የመራው ጊልበርት ወከር የሩቅ አገሮችን የአየር ግፊት ሲያነጻጽር የዓባይን ሙላት ከመረጃዎቹ አንዱ አድርጎ ተጠቅሞበታል። ውቅያኖሱ ራሱ ግን ገና በቅጡ አልተለካም ነበር።

የዚህ ጉድለት ዋጋ የታየው እ.ኤ.አ. በ1982 ነው። በዚያ ዓመት በሜክሲኮ የፈነዳው የኤል ቺቾን እሳተ ገሞራ ብናኝ ሳተላይቶችን አሳስቶ የባሕሩን ሙቀት ዝቅ አድርገው እንዲዘግቡ አደረጋቸው፤ ከባሕር የተገኙ አንዳንድ ከፍተኛ ልኬቶችም ስሕተት ናቸው ተብለው ተጣሉ። ስለዚህ ከክፍለ ዘመኑ ብርቱ ኤል ኒኞዎች አንዱ በሊቃውንቱ ፊት ሳይታወቅ አደገ። ተከትሎ የመጣውን የኢትዮጵያ ድርቅ ለኤል ኒኞ ብቻ መስጠት አይቻልም፤ ድርቁን ወደ ረሀብ ያደረሱት ጦርነቱና የአስተዳደሩ ጉድለት ጭምር ናቸው። በ1977 ዓ.ም. ከወሎና ከሌሎች ክፍላተ ሀገር ብዙ ሺህ ሰዎች፣ አንዳንዶቹም በግዳጅ፣ ያን ጊዜ በወለጋ ሥር ወደነበረችው አሶሳ ተወስደው ሠፈሩ። ሠፈራው የምዕራቡ ዝናብ ከሰሜኑ ይልቅ አስተማማኝ ነው በሚል ግምት ነበር፤ ግምቱ ስለ ዝናቡ እውነት ቢሆንም፣ በቦታው ይኖር ለነበረው ሕዝብ የመሬት አጠቃቀም ግን ግድ አልነበረውም።

ከዚያ በኋላ እ.ኤ.አ. እስከ 1994 ድረስ ወደ 70 የሚጠጉ መልሕቅ ያላቸው ተንሳፋፊ መለኪያዎች በሰላማዊ ውቅያኖስ ወገብ ተተከሉ፤ የነፋሱን ሁኔታና እስከ 500 ሜትር ጥልቀት ያለውን የውሃ ሙቀት ይለካሉ። በ1973 ዓ.ም. የተቋቋመው የብሔራዊ ሚቲዎሮሎጂ አገልግሎት ድርጅትም እ.ኤ.አ. በ1987 የወቅት ትንበያ ማውጣት ጀመረ፤ ዘዴውም የዓመቱ የውቅያኖስ ሁኔታ ካለፉት ዓመታት የትኛውን እንደሚመስል ማመሳከር ነበር። የጂኦግራፊ መምህር ሰላማዊ ውቅያኖስን ሲያስተምር ይህን ምሳሌ ከጠቀሰ ተማሪው ርቀቱን የሚረሳ ይመስላል።

ልኬቱ ግን ያለ መርከብ አይቆምም። መለኪያዎቹን ትጠግን የነበረችው የአሜሪካ መርከብ እ.ኤ.አ. በ2012 ከአገልግሎት በመውጣቷ በ2014 መረጃው ወደ 40 በመቶ ገደማ ወረደ። በቀጣዩ ዓመት ብርቱ ኤል ኒኞ ደረሰ፤ በኢትዮጵያም 10.2 ሚሊዮን ሕዝብ የምግብ እርዳታ እንደሚያስፈልገው ተገለጸ። በዚያ ጊዜ በጉባ የታላቁ የሕዳሴ ግድብ ግንባታ በመካሄድ ላይ ነበር፤ በ2012 ዓ.ም. ክረምት የጀመረው የግድቡ ሙሌትም የተመካው በዚሁ ዝናብ ላይ ነበር።